ከሐዋሳ ለእግር ጉዞ፦ የመሬት ቅርጽ ካርታ በራስ እጅ እንዴት ይሠራል?

ከሐዋሳ ተነስተው ቅዳሜና እሁድ ወደ ተራራ የሚወጡ ሰዎች ደጋግመው የሚጠይቁኝ «የትኛውን አፕ ልጫን?» ነው። አፑ ቀላሉ ነገር ነው። በከተማ ውስጥ መንገድ የሚያሳያችሁ አፕ ከወንዶ ገነት ጫካ በላይ ወይም ባሌ ተራሮች ያለው ሳነቴ አምባ ላይ ባዶ ስክሪን ሊሰጣችሁ ይችላል። ዋናው ቁምነገር አፑ ውስጥ የምትጭኑት ካርታ ነው፤ እሱን ደግሞ ቤት ቁጭ ብላችሁ፣ መብራትና ዋይፋይ ባለበት፣ በነፃ ልትሠሩት ትችላላችሁ።

ኮምፒውተር ከመጠቀም ያለፈ የጂአይኤስ (በኮምፒውተር ካርታ የመሥራት) እውቀት ባይኖራችሁም ይህን መመሪያ መከተል ትችላላችሁ። ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ ሙሉ ቀን መድቡለት። ሁለተኛው ካርታ ግማሽ ቀን አይፈጅም።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ላፕቶፕ። 8 ጊጋባይት ራም ቢኖረው ይመረጣል፤ በ4ም ይሠራል፣ ትንሽ ትዕግሥት ይጠይቃል እንጂ።
- ኪውጂአይኤስ የሚባለው ነፃ የካርታ መሥሪያ ሶፍትዌር። ለዊንዶውስ የሚሆነው መጫኛ 1 ጊጋባይት አካባቢ ስለሆነ በሞባይል ዳታ አትሞክሩት።
- ኦፕን ቶፖግራፊ ላይ ነፃ አካውንት። የከፍታ መረጃውን የምናወርደው ከዚያ ነው።
- ጂፒኤስ ያለው ስልክ፣ በላዩም ኦስማንድ ወይም ኦርጋኒክ ማፕስ፣ እንዲሁም አቬንዛ ማፕስ የሚባሉት የካርታ አፖች።
- በደንብ የተሞላ ፓወር ባንክ ከነገመዱ።
- ኮምፓስ፣ ማስመሪያ፣ እርሳስ።
- በኤ3 ወረቀት የሚያትም ማተሚያ ቤትና ካርታውን ከዝናብ የሚከላከል ፕላስቲክ።

አሠራር

1. አካባቢውን ሰፋ አድርጋችሁ ወስኑ

የምትሄዱበትን ቦታ በኦፕን ስትሪት ማፕ (ኢንተርኔት ላይ ያለ ነፃ ካርታ) ላይ ፈልጉና ከመንገዳችሁ በየአቅጣጫው ቢያንስ 5 ኪሎ ሜትር ጨምራችሁ ያዙ። ሰው የሚጠፋው ካሰበው መንገድ ሲወጣ ነው። መንገዱን ብቻ ተከትሎ የተቆረጠ ካርታ ከያዛችሁ፣ በጣም በምትፈልጉት ሰዓት ከዳርቻው አልፋችሁ ትገኛላችሁ።

እዚህ ላይ የሐዋሳ ሰው ማወቅ ያለበት ነገር አለ። ብዙ የከፍታ መረጃ በ1 ዲግሪ በ1 ዲግሪ ተቆርጦ ነው የሚቀርበው፤ ስሙም የሚወጣለት በደቡብ ምዕራብ ጥጉ ነው። የሰሜን 7 ዲግሪ መስመር ደግሞ ከሐዋሳ ከተማ ትንሽ ወደ ደቡብ ያልፋል። ስለዚህ ከተማዋና ወንዶ ገነት «ሰሜን 7 ምሥራቅ 38» በሚባለው ቁራጭ ውስጥ ሲሆኑ ይርጋለም «ሰሜን 6 ምሥራቅ 38» ውስጥ ነው። ባሌም እንዲሁ ነው፤ ዲንሾ ከተማ በሰሜን 7፣ ቱሉ ዲምቱ ተራራ በሰሜን 6። አንዱን ቁራጭ ብቻ አውርዶ «ካርታው መሃል ላይ ተቆርጦብኛል» የሚለኝ ሰው ብዙ ነው። ካርታው አልተበላሸም፣ ጎረቤቱ ቁራጭ ቀርቶ ነው።

2. የከፍታ መረጃውን አውርዱ

ኦፕን ቶፖግራፊ ውስጥ ግቡና «ኮፐርኒከስ ግሎ 30» የሚለውን ምረጡ። ካርታው ላይ አራት ማዕዘን ስላችሁ በጂኦቲፍ ፎርማት አውርዱ። በዚህ መንገድ ስታወርዱ አራት ማዕዘኑ የ7 ዲግሪውን መስመር ቢሻገርም ድረ ገጹ ራሱ አገናኝቶ ይሰጣችኋል።

ሌላው የታወቀ አማራጭ ኤስአርቲኤም ነው። እሱ በየካቲት 2000 (እ.ኤ.አ.) ከህዋ መንኮራኩር በራዳር የተለካ ነው። የኮፐርኒከሱ መነሻ ከ2011 እስከ 2015 (እ.ኤ.አ.) በሳተላይት ራዳር የተሰበሰበ መረጃ ነው። ሁለቱም መሬቱን በ30 ሜትር በ30 ሜትር ሳጥን ከፋፍለው ለእያንዳንዱ ሳጥን አንድ የከፍታ ቁጥር ይሰጣሉ። እኔ ኮፐርኒከስን የምመርጠው አዲስ ስለሆነና ገደላማ ቦታ ላይ መረጃ የሌለበት ቀዳዳው አነስተኛ ስለሆነ ነው።

«30 ሜትር» የሚለውን ቁጥር አትርሱት። ከ30 ሜትር ያነሰ ነገር ሁሉ፣ ትንሽ ሸለቆም ሆነ ድንጋይ ወይም ቀጭን ገደል፣ በአንድ ሳጥን ውስጥ ተደባልቆ ነው የሚገባው። በኋላ ደጋግመን እንመለስበታለን።

3. ቁራጮችን አዋህዱ

ከአንድ በላይ ፋይል ካወረዳችሁ በኪውጂአይኤስ ራስተር → ሚሴሌኒየስ → መርጅ ግቡና አንድ አድርጓቸው። አንድ ፋይል ብቻ ከሆነ ይህን እለፉት።

4. ከዲግሪ ወደ ሜትር ቀይሩ

ብዙዎች የሚዘሉት፣ ከዘለሉት ደግሞ ቀጣዩን ሁሉ የሚያበላሽባቸው ይህ ነው።

ያወረዳችሁት ፋይል ርቀትን በዲግሪ፣ ከፍታን በሜትር ነው የያዘው። ኮምፒውተሩ የመሬቱን ተዳፋት የሚያሰላው ከፍታውን በርቀቱ አካፍሎ ነው። አንዱ ሜትር ሌላው ዲግሪ ሲሆን ውጤቱ ትርጉም ያጣል፤ ብዙ ጊዜ መሬቱ ሁሉ እንደ ግድግዳ 90 ዲግሪ የቆመ ሆኖ ይወጣል።

ራስተር → ፕሮጀክሽንስ → ዋርፕ ግቡ። «ታርጌት ሲአርኤስ» ላይ ኢፒኤስጂ 32637 ፈልጋችሁ ምረጡ፤ ሲአርኤስ ማለት ካርታው ቦታን የሚለካበት ሥርዓት ነው፣ ኢፒኤስጂ ደግሞ የሥርዓቱ መለያ ቁጥር። ይህ ዩቲኤም (ምድርን በዞን ከፍሎ ቦታን በሜትር የሚገልጽ ሥርዓት) ዞን 37 ሰሜን ነው፤ ሐዋሳም አዳማም ባሌም እዚሁ ዞን ውስጥ ናቸው። «ሪሳምፕሊንግ» የሚለውን «ባይሊኒየር» አድርጉት። በነባሩ «ኒረስት ኔይበር» ከተዋችሁት በሚቀጥለው ደረጃ ተራራው ላይ ቀጥ ያሉ የውሸት ሰንበሮች ይወጡባችኋል።

ትክክል መሥራታችሁን እንዲህ አረጋግጡ። የፕሮጀክቱንም ሲአርኤስ 32637 አድርጉና ማውሱን ሐዋሳ መሃል ከተማ ላይ አቁሙት። ከታች የሚታየው ቁጥር 442,000 ምሥራቅ እና 780,000 ሰሜን አካባቢ መሆን አለበት። 38.4 እና 7.0 የመሰለ ቁጥር ካያችሁ ገና ዲግሪ ላይ ናችሁ።

5. ሂልሼድ ሥሩ

ራስተር → አናሊሲስ → ሂልሼድ። ይህ ተራራና ሸለቆውን በጥላ የሚያሳይ ምስል ነው። የብርሃኑን አቅጣጫ በ300 እና በ315 ዲግሪ መካከል አድርጉት፤ ይኸውም ከሰሜን ምዕራብ ነው። ብርሃኑን ከደቡብ ካደረጋችሁት ዓይን ይታለላል፣ ሸንተረሩ ሸለቆ፣ ሸለቆው ሸንተረር ሆኖ ይታያል። ሌየሩን (የካርታውን ንብርብር) ከላይ አድርጋችሁ የብሌንዲንግ ሞዱን «መልቲፕላይ» ብትሉት ከሥሩ ያሉት ቀለሞች አብረው ይታያሉ።

6. የተዳፋት ካርታ ሥሩ

ራስተር → አናሊሲስ → ስሎፕ። ውጤቱ በዲግሪ ነው። ቀለሙን በአራት ክፈሉት፦

- እስከ 15 ዲግሪ (አረንጓዴ)፦ ሻንጣ ይዛችሁ እያወራችሁ የምትሄዱበት።
- ከ15 እስከ 25 (ቢጫ)፦ ትንፋሽ የሚያሳጥር፣ ግን የሚኬድ።
- ከ25 እስከ 35 (ብርቱካናማ)፦ ቀርፋፋና አድካሚ፤ ዝናብ ከጣለ የሚያንሸራትት።
- ከ35 በላይ፦ ቀይ አድርጉትና መንገዳችሁን አታሳልፉበት።

እነዚህ ክፍሎች ከባድ ጭነት ይዞ ለሚሄድ ተራ ተጓዥ የሚሆኑ ናቸው። ልጅ ወይም ሽማግሌ አብሯችሁ ካለ አንድ ደረጃ ዝቅ አድርጉ።

አሁን ወደ 30 ሜትሩ እንመለስ። 15 ሜትር ቁመት ያለው ቀጥ ያለ ገደል ከፊታችሁ አለ እንበል። ካርታው የሚያውቀው በአንዱ ሳጥንና በሚቀጥለው ሳጥን መካከል 15 ሜትር ልዩነት እንዳለ ብቻ ነው። 15ን ለ30 ስታካፍሉት 27 ዲግሪ እንኳ አይሞላም። በዚያ ላይ ሶፍትዌሩ ዙሪያውን ያሉትን ሳጥኖች አማክሎ ስለሚያሰላ ከዚያም ያነሰ ሊያሳያችሁ ይችላል። ሰው ወድቆ የሚሞትበት ገደል ካርታው ላይ «የሚኬድ» ተብሎ ቁጭ ይላል ማለት ነው። ስለዚህ ቀዩን ቦታ እመኑት፣ ቢጫውን ግን ተጠራጠሩት። ጠባብ ቢጫ መስመር ሸንተረሩን ተከትሎ ረጅም ርቀት ከሄደ፣ ገደል ሊሆን ይችላል ብላችሁ በሳተላይት ምስል አረጋግጡ።

7. የከፍታ መስመር አውጡ

ራስተር → ኤክስትራክሽን → ኮንቱር። ልዩነቱን 20 ሜትር አድርጉ፣ በየ100 ሜትሩ ያለውን መስመር ወፈር አድርጋችሁ ቁጥር ጻፉበት። ሜዳማ ለሆነው የሳነቴ አምባ 10 ሜትር ይሻላል። ከዚያ ወርዳችሁ 5 ሜትር አታውጡ። ካርታው ዝርዝር የበዛበት ይመስላል እንጂ ያ ዝርዝር የመረጃው ስህተት ነው፤ ከ30 ሜትር መረጃ የ5 ሜትር እውነት አይወጣም።

8. መንገድና ውሃ ጨምሩ

ከፕለጊን (ተጨማሪ መሣሪያ) ዝርዝር ውስጥ ከኦፕን ስትሪት ማፕ መረጃ የሚያመጣውን ክዊክ ኦኤስኤምን ጫኑ። «ሃይዌይ» ብላችሁ መንገዶችንና የእግር መንገዶችን፣ «ዋተርዌይ» ብላችሁ ወንዞችን አምጡ። ከዚያ ከሥሩ የሳተላይት ምስል አድርጉና ኦፕን ስትሪት ማፕ ላይ የሌሉትን የእግር መንገዶች በእጃችሁ ሳሉ። በእኛ አካባቢ ከብት የሚነዳበት፣ ሴቶች ውሃ የሚቀዱበት መንገድ በምስሉ ላይ ነጣ ብሎ በግልጽ ይታያል። ተጓዥን የሚያዛልቀው ብዙ ጊዜ እሱ ነው፣ ወደ ውሃም ወደ ሰፈርም ያወጣልና።

የሳላችሁትን በሌላ ቀለም አድርጉት። ከምስል ገምታችሁ የሳላችሁትና ሰው ሄዶበት የተመዘገበው እኩል አይታመኑም።

9. ካርታው የማያውቀውን እናንተ ጻፉበት

መንገድ ከመሳላችሁ በፊት እዚህ ላይ ረጋ በሉ። የከፍታ መረጃ የሚነግራችሁ የመሬቱን ቅርጽ ነው። መሬቱ ምን እንደሆነ አይነግራችሁም።

ከሐዋሳ ሐይቅ በስተሰሜን ያለውን የኮርቤቲን ካልዴራ (በእሳተ ገሞራ የተፈጠረ ሰፊ ጎድጓዳ ቦታ) እንይ። ውስጡ ኡርጂና ጫቢ የሚባሉ እሳተ ገሞራዎች አሉ። ጫቢ ላይ የፈሰሰው ላቫ ባልጩት የበዛበት ነው። በተዳፋት ካርታችሁ ላይ ሰፊ ቦታው አረንጓዴ ሆኖ፣ «እያወራችሁ የምትሄዱበት» ሆኖ ይታያል። ሄዳችሁ ስትቆሙበት ግን እንደ ጠርሙስ ስባሪ የሰላ ድንጋይ የተቆለለበት፣ እግር የት እንደሚያርፍ እያዩ የሚኬድበት መሬት ነው። ጫማ ይቆርጣል፣ የወደቀ ሰው እጁን ይሰነጥቃል። በካርታው አንድ ሰዓት የሚመስለው እዚያ ሦስት ሰዓት ሊፈጅ ይችላል። ምልክቱ ያለው ሂልሼዱ ላይ ነው፤ የላቫው ፍሰት ዳር ጠርዝ ያለው ምላስ መስሎ ይታያል፣ ገጹም ሻካራ ነው። እንዲህ ያለውን በሙሉ በሃሽ (በሰያፍ) መስመር አጥሩትና «አትግባ» በሉት።

ወንዶ ገነትና ባሌ ያለው ሐረና ጫካ ላይ ችግሩ ሌላ ነው። ራዳሩ መሬቱን አልነካም፤ የለካው በአብዛኛው የዛፉን አናት ነው። ጫካው በሚያልቅበት ቦታ ካርታው ላይ የሚታየው ድንገተኛ እርከን የዛፎቹ ቁመት ሊሆን ይችላል፣ ገደል ላይሆን ይችላል። በተቃራኒው ደግሞ ጫካው ውስጥ ያለ ጠባብ ጅረት በዛፎቹ ተሸፍኖ ጭራሽ አይታይም። ጫካ ውስጥ የከፍታ መስመሩን ለአጠቃላይ አቅጣጫ ብቻ ተጠቀሙበት፤ መንገድ የምትመርጡት ሰው በሄደበት ይሁን።

ካርታው ወቅትም አያውቅም። በጥር በድንጋይ ላይ እየረገጣችሁ የተሻገራችሁት ወንዝ በነሐሴ አያሻግርም። ወንዝ የሚቆርጥ መንገድ ሁሉ ላይ «ክረምት?» ብላችሁ ጻፉና ድልድይ ያለበትን አማራጭ አጠገቡ ሳሉ።

10. መንገዱን ሳሉ

ኒው ሼፕፋይል ወይም ጂኦፓኬጅ ሌየር ፍጠሩ፤ ዓይነቱ «ላይን» ይሁን፣ ሲአርኤሱ 32637። በሸንተረር ላይና በእግር መንገድ ላይ ሳሉ፣ በቀጥታ መስመር አትሳሉ። ሸንተረር ላይ ሆናችሁ ወዲያና ወዲህ ስለምታዩ የት እንዳላችሁ ማወቅ ይቀላል። ሸለቆ ውስጥ ጂፒኤሱም ይዳከማል፣ ዓይንም ይታጠራል።

ከዋናው መንገድ ሌላ ሁለት ነገር ሳሉ። አንዱ ከመንገዱ አጋማሽ ላይ በአጭሩ ወደ መኪና መንገድ የሚያወጣ መውጫ ነው፤ ሰው ቢታመም የምትሄዱበት። ሌላው «መያዣ መስመር» ነው፦ ብትስቱም ዞሮ ዞሮ የምትደርሱበት ወንዝ፣ አስፋልት ወይም የሐይቅ ዳር። ጭጋግ ቢወርድና ስልኩ ቢሞት «ወደ ምዕራብ ብቻ ሂድ፣ አስፋልቱን ታገኘዋለህ» ማለት መቻል አለባችሁ።

11. ፕሮፋይሉን አይታችሁ ሰዓት አስሉ

የከፍታውን ሌየር ፕሮፐርቲ ከፍታችሁ «ኤሌቬሽን» ከሚለው ገጽ ላይ መሬትን የሚወክል መሆኑን ምልክት አድርጉ። ከዚያ ቪው → ኤሌቬሽን ፕሮፋይል ግቡና መንገዳችሁን ተከትላችሁ ሳሉ። ዳገቱ የት እንደሚጠና፣ የት እንደሚተኛ ታያላችሁ።

ለሰዓት ስሌት የናይስሚዝን ደንብ ተጠቀሙ፦ በየ5 ኪሎ ሜትሩ 1 ሰዓት፣ በየ600 ሜትር ዳገት ተጨማሪ 1 ሰዓት። ምሳሌ፦ 14 ኪሎ ሜትር መንገድ፣ 700 ሜትር ዳገት። ርቀቱ 2 ሰዓት ከ48 ደቂቃ፣ ዳገቱ 1 ሰዓት ከ10 ደቂቃ፤ ድምሩ 3 ሰዓት ከ58 ደቂቃ ነው። ይህ ሳያርፍ ለሚሄድ ጠንካራ ሰው ነው። እኔ ለእረፍትና ለፎቶ ሩቡን እጨምራለሁ። ቱሉ ዲምቱ 4,377 ሜትር ነው፣ የሳነቴ አምባም ብዙው ክፍል 4,000 ሜትር አካባቢ ነው፤ ሐዋሳ ላይ የለመደ ሳንባ እዚያ ቶሎ ይደክማል። ለዚያ ከፍታ ድምሩን በአንድ ተኩል አባዙት፤ ምሳሌው 6 ሰዓት ገደማ ይሆናል።

በእኛ አገር ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ ከምሽቱ 12 ሰዓት ብዙም ሳትርቅ ትጠልቃለች፣ ከጠለቀች በኋላም ቶሎ ይጨልማል። ስለዚህ ሰዓቱን ከማታ ወደ ኋላ ቁጠሩ። 10 ሰዓት ላይ ማረፊያ ለመድረስ አስቡና መነሻችሁን ከዚያ አስሉ። የመመለሻ ሰዓታችሁንም ካርታው ላይ ጻፉት፤ ጫፍ ላይ ሳትደርሱ ያ ሰዓት ከደረሰ ተመለሱ።

12. መንገዱን ወደ ስልክ ላኩ

የመንገዱን ሌየር ኤክስፖርት አድርጉ፣ ፎርማቱ ጂፒኤክስ (ስልክ ላይ የሚከፈት የመንገድ ፋይል) ይሁን። ሦስት ቦታ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል፦

- ሲአርኤሱን ወደ ኢፒኤስጂ 4326 መልሱት። ጂፒኤክስ የሚያውቀው ዲግሪ ብቻ ነው።
- «ፎርስ ጂፒኤክስ ትራክ» የሚለውን «የስ» በሉት፤ መንገዱ እንደ ትራክ እንዲቀመጥ።
- «ጂፒኤክስ ዩዝ ኤክስቴንሽንስ»ንም «የስ» በሉት። አለዚያ ሌየሩ ውስጥ ያሉት ተጨማሪ ዓምዶች ስህተት ይፈጥሩና ፋይሉ አይወጣም።

ፋይሉን በቴሌግራም ለራሳችሁ ላኩትና በኦስማንድ ወይም በኦርጋኒክ ማፕስ ክፈቱት። የኢትዮጵያን ካርታም አፑ ውስጥ አስቀድማችሁ አውርዱ።

13. ካርታውን በፒዲኤፍም በወረቀትም አውጡ

ኒው ፕሪንት ሌይአውት ክፈቱ፣ ገጹን ኤ3 አድርጉት። ሚዛኑ 1፡25,000 ይሁን፤ በዚህ ሚዛን 1 ኪሎ ሜትር ወረቀቱ ላይ 4 ሳንቲ ሜትር ነው፣ አንድ ኤ3ም በግምት 10 በ7 ኪሎ ሜትር ይይዛል። ለረጅም ጉዞ 1፡50,000 ይበቃል። የ1,000 ሜትር ግሪድ (የአራት ማዕዘን መረብ) ጨምሩና ቁጥሮቹ በጠርዙ ላይ እንዲታዩ አድርጉ። ስልካችሁ የሚነግራችሁን የዩቲኤም ቁጥር ወረቀቱ ላይ የምታገኙት በእሱ ነው።

ወደ ፒዲኤፍ ስታወጡ «ጂኦስፓሻል ፒዲኤፍ» የሚለውን ምልክት አድርጉ። ያን ፋይል አቬንዛ ላይ ስትከፍቱት የራሳችሁ ካርታ ላይ ያላችሁበት ነጥብ ይታያል፣ ያለ ኔትወርክ።

ማተሚያ ቤት ስትሄዱ ልጁን «አክቹዋል ሳይዝ» ብሎ እንዲያትም ንገሩት። «ፊት ቱ ፔጅ» ካለው ካርታው ይጠብና ሚዛኑ ይፋለሳል። እዚያው ቆማችሁ በማስመሪያ ለኩ፤ የግሪዱ አንድ ሳጥን 4 ሳንቲ ሜትር ካልሆነ እንደገና ይታተም።

14. አላሙራ ላይ ፈትኑት

ሩቅ ከመሄዳችሁ በፊት እዚሁ ሐዋሳ ያለውን የአላሙራን ተራራ ወይም ታቦርን በዚሁ መንገድ ካርታ ሥሩና አንድ ጠዋት ውጡ። ስልኩን ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርጉ። ጂፒኤስ ኢንተርኔት አይፈልግም፤ ያለ ዳታ የመጀመሪያውን ቦታ ለማግኘት ግን ደቂቃዎች ሊወስድበት ይችላል፣ ሜዳ ላይ ቆማችሁ ጠብቁት።

እየወጣችሁ በየመታጠፊያው ቆማችሁ ሦስቱን አስተያዩ፦ ዓይናችሁ የሚያየውን፣ ስልኩን፣ ወረቀቱን። ሐይቁ በየት በኩል ነው? ከፊታችሁ ያለው ሸንተረር ካርታው ላይ የቱ ነው? ያሰላችሁትን ሰዓትና በትክክል የፈጀባችሁን መዝግቡ። የራሳችሁን ፍጥነት የምታውቁት በዚህ ነው፣ ከዚያ በኋላ የናይስሚዝን ቁጥር በራሳችሁ ቁጥር ትተካላችሁ።

ማስጠንቀቂያ

- ይህ ካርታ አስጎብኚን አይተካም። ወደ ባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ስትሄዱ ዲንሾ የሚገኘው የፓርኩ ዋና ጽሕፈት ቤት ገብታችሁ ተመዝገቡ፣ የአካባቢውን ሰው ይዛችሁ ሂዱ። ሌላ ቦታም ከመሄዳችሁ በፊት ወረዳው ወይም ቀበሌው ጋ ደውላችሁ የፀጥታውን ሁኔታ ጠይቁ።
- ካርታውን ለአካባቢው ሰው አሳዩና ጠይቁ። ስትጠይቁ ግን «ይህ መንገድ እዚያ ያደርሳል አይደል?» አትበሉ፤ ሰው እንግዳ ላለማሳፈር «አዎ» ሊላችሁ ይችላል። «አባባ፣ ይህ መንገድ ወዴት ያወጣል?» በሉ። ሲዳምኛ ወይም ኦሮምኛ የሚችል ሰው አብሯችሁ ቢኖር መልሱ ብዙ ይለያል።
- ብርድ ባትሪ ይጨርሳል። ሳነቴ ላይ ስታድሩ ስልኩንና ፓወር ባንኩን ልብሳችሁ ውስጥ ወይም የመኝታ ከረጢቱ ውስጥ አድርጉ።
- የመንገዱን ፋይልና የታተመውን ካርታ ቅጂ ቤት ለሚቀር ሰው ስጡ። «እስከ እሁድ ማታ 2 ሰዓት ካልደወልኩ ለእገሌ ደውል» ብላችሁ በጽሑፍ ተዉ።
- ድሮን በራሳችሁ አታስነሱ። ፈቃድ ይጠይቃል።

የተለመዱ ስህተቶች

*ተዳፋቱ ሁሉ ቀይ ሆነ።* ደረጃ 4ን ዘላችኋል። ወደ 32637 ቀይራችሁ እንደገና አስሉ።

*የተራራው ጫፍ ከሚታወቀው ከፍታ አነሰ።* ይህ የሚጠበቅ ነው። ሾጣጣ ጫፍ በ30 ሜትር ሳጥን ውስጥ ከዙሪያው ጋር ተማክሎ ይገባል፣ ስለዚህ ትንሽ ዝቅ ይላል። የስልካችሁ ጂፒኤስ የሚነግራችሁ ከፍታም ከካርታው ጥቂት ወይም ብዙ ሜትሮች ሊለያይ ይችላል። ቦታችሁን በከፍታ ብቻ አትለዩ።

*መሃል ላይ ጥልቅ ጉድጓድ ወይም ጥቁር ነጠብጣብ ታየ።* መረጃ የሌለበት ቦታ ነው፣ በኤስአርቲኤም ገደላማ ቦታ ላይ ያጋጥማል። «ፊል ኖዳታ» በሚለው መሣሪያ መሙላት ይቻላል፤ ነገር ግን የተሞላው ግምት ስለሆነ መንገዳችሁ በዚያ እንዳያልፍ።

*ጂፒኤክሱ ስልክ ላይ ባሕር መሃል ተከፈተ ወይም አልታየም።* ኤክስፖርት ስታደርጉ 4326 አላደረጋችሁትም።

*ቤት እያለ የሚሠራው ካርታ ሜዳ ላይ ባዶ ሆነ።* ስታዩት የነበረው ከኢንተርኔት የሚመጣውን ነው። ቤት ሳላችሁ በኤርፕሌን ሞድ፣ አፑን ዘግታችሁ ከፍታችሁ፣ መንገዱን ከጫፍ እስከ ጫፍ አጉልታችሁ እዩት።

*የድሮው የመንግሥት ካርታና የእኔ ካርታ አልገጠሙም።* የቀድሞው የካርታ ሥራዎች ድርጅት ያሳተማቸው የ1፡50,000 ካርታዎች በጣም ጥሩ ናቸው፣ የቦታ ስሞችንም ከኢንተርኔቱ የበለጠ ይዘዋል። የተሠሩት ግን «አዲንዳን» በሚባለው የመለኪያ መሠረት ነው፣ ጂፒኤስ ደግሞ የሚሠራው በደብሊውጂኤስ 84 ነው። ሁለቱ በእኛ አካባቢ ከ200 ሜትር በላይ ይለያያሉ። 200 ሜትር ማለት ደግሞ ከሸንተረሩ በዚህኛው ወገን ወይም በዚያኛው መሆን ነው። የድሮውን ካርታ ስካን አድርጋችሁ ስታስገቡ ሲአርኤሱን ኢፒኤስጂ 20137፣ ማለትም አዲንዳን ዞን 37፣ በሉት፤ ኪውጂአይኤስ ራሱ ወደ 32637 ያመጣዋል። ካስገባችሁ በኋላ አንድ የመንገድ መገንጠያ ወይም ድልድይ መርጣችሁ በሳተላይት ምስሉ ላይ መግጠሙን እዩ። የቁጥሩን መነሻ ሳታውቁ ከወረቀቱ ላይ ኮኦርዲኔት አንብባችሁ ስልክ ውስጥ አታስገቡ፤ የካርታው ግርጌ ላይ የተጻፈውን የመለኪያ መሠረት መጀመሪያ አንብቡ።